ሸማና አለባበሱ እንደ ማኅበራዊ ታሪክ ምንጭ

በታሪክ መማሪያ መጻሕፍት ውስጥ ነገሥታት፣ ጦርነቶችና የውል ሰነዶች ሰፊ ቦታ ሲይዙ፣ ልብስ አብዛኛውን ጊዜ በሥዕል ግርጌ ከሚሰፍር አንድ መስመር የበለጠ ድርሻ አያገኝም። ይሁን እንጂ ጽሕፈት የማያውቀው ሰፊው ሕዝብ ስለ ክብሩና ስለ ውርደቱ፣ ስለ ሐዘኑና ስለ ደስታው የተወው ማስረጃ ከልብሱ የበለጠ በሌላ ቦታ ተሟልቶ አይገኝም። ሰነድ የሚጽፈው ጥቂት ሰው ነበር፤ ሸማ የሚለብሰው ግን ባላባቱም ጭሰኛውም፣ ካህኑም ነጋዴውም ነው። ስለዚህ አንድ ሸማ ማን ፈተለው፣ ማን ሠራው፣ ማን ለበሰው፣ በማንስ ፊት እንዴት ለበሰው ብሎ መጠየቅ የኅብረተሰቡን አወቃቀር ከሥር ጀምሮ መጠየቅ ይሆናል።

ከዚህ በታች የቀረበው ሐተታ በሰሜኑና በመካከለኛው ደጋ ሸማ ላይ የተወሰነ ነው። በሌሎች የአገሪቱ ክፍሎች ያለው የቆዳ፣ የሽርጥና የሌላም አለባበስ የየራሱ ታሪክ ስላለው፣ በአንድ ጽሑፍ ጫፍ ላይ ተቀጽሎ ከሚቀርብ ይልቅ ራሱን የቻለ ጥናት ይገባዋል። የዘመን አቆጣጠሩ «እ.ኤ.አ.» ካልተባለ በቀር የኢትዮጵያ ነው።

ያልተቆረጠ፣ በገላ ልክ ያልተሰፋ ልብስ

ሸማ ከሸማኔው እጅ ሲወጣ ልብስ ሆኖ አላለቀም። ኮት በሰፊው እጅ ቅርጹን ይይዝና ለባሹ እጁን ከማስገባት በቀር ሌላ ሥራ አይኖረውም። ሸማ ግን ያልተቆረጠና በገላ ልክ ያልተሰፋ በመሆኑ ቅርጹን የሚያገኘው በለባሹ ትከሻ ላይ ነው፤ በማግሥቱም እንደገና ሀ ብሎ ይጀመራል። ከዚህ የተነሣ አለባበስ ራሱ ከልጅነት ጀምሮ የሚለመድ ጥበብ ሆነ። አንድ ዐይነት ኩታ ያጣፉ ሁለት ሰዎች አንዱ ጨዋ፣ ሌላው ዝርክርክ ተብለው ሊለዩ የሚችሉትም በዚሁ ምክንያት ነው።

የዐይነቶቹ ስም መለያቸውን ይነግራል። ነጠላ ስሙ እንደሚያመለክተው ያልተደረበ ስስ ነው፤ ኩታ ሁለት ድርብ፣ ጋቢ አራት ድርብ ሲሆን፣ ቡሉኮ ከሁሉም ወፍሮ ብርድ ለመከላከል የሚያገለግል ነው። ጃኖ በዳሩ ላይ ባለው ሰፊ ቀይ ጥለት ይታወቃል። የጥጥ ምርት በማይደርስበት በመንዝ ብርዳማ ምድር ደግሞ ከጥቁር በግ ፀጉር የሚሠራው በርኖስ፣ ባናና ዝተት የሸማን ቦታ ይጋሩ ነበር።

ከስሞቹ ይልቅ ግን ታሪክ የተከማቸው በግሦቹ ላይ ነው። አማርኛ ሰው ሸማውን ምን እንዳደረገው ለመግለጽ ብዙ ቃል አለው፤ ያጣፋል፣ ይደርባል፣ ይከናነባል፣ ያሸርጣል፣ ያደገድጋል፣ ያዘቀዝቃል። እያንዳንዱ ቃል ከአንድ የማኅበራዊ ኑሮ ሁኔታ ጋር የተያያዘ ነው። ወደ ቤተ ክርስቲያን የሚሄድ ምእመን ነጠላውን መስቀለኛ ያጣፋል፤ ከለቅሶ ቤት የሚገኝ ሐዘንተኛ ነጠላውን አዘቅዝቆ ጥለቱን ወደ ላይ ወደ አንገቱ ያመጣዋል፤ በጌታው ፊት የሚቆም አሽከር ሸማውን ከትከሻው አውርዶ ወገቡ ላይ በማሰር ያደገድጋል። ጥለቱ የት እንደዋለ ብቻ አይቶ ከሩቅ የሚመጣው ሰው ከሠርግ ይሁን ከቀብር እንደሚመለስ መለየት ይቻላል። ለኮት ግን «መልበስ» ከሚለው የወል ቃል ሌላ አላስፈለገም።

የውጭ አገር ተመልካቾችም ይህን ሥርዓት አስተውለዋል። እ.ኤ.አ. በ1840ዎቹ በትግራይ የኖረው እንግሊዛዊ ማንስፊልድ ፓርኪንስ ስለ ሸማ አለባበስ በዝርዝር ጽፏል። ሳይመን ሜሲንግ የተባለው የሥነ ሰብእ ተመራማሪ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1960 አንትሮፖስ በተባለው መጽሔት ሸማ ያለ ቃል የሚነገር ቋንቋ መሆኑን የሚያስረዳ ጥናት አሳትሟል። ጥናቱ ጠቃሚ ቢሆንም ነገሩን ለሕዝቡ የገለጠለት ሜሲንግ አለመሆኑ ግልጽ ነው፤ ማንኛዋም የገጠር እናት ልጅዋን «በሰው ፊት ሸማህን አስተካክል» ስትል ይህንኑ ሰዋስው ታስተምረው ነበር።

የማደግደግ ትርጉም ለብቻው ሊታሰብበት ይገባል። ሸማ ትከሻንና ክንድን ሲሸፍን እጅንም ይሰውራል፤ እጁ የተሰወረ ሰው ሥራ የማይሠራ ወይም ማንንም የማይፈራ ሰው ነው። ባላባቱ ሸማውን እስከ አፍንጫው ድረስ ከፍ አድርጎ ሲቀመጥ፣ አሽከሩ ትከሻው ተራቁቶ ሁለት እጁ ይታይ ነበር። በዚህ ዐይነት የገዥና የተገዥ ግንኙነት አንድም ቃል ሳይነገር በየቀኑ ይታደሳል። ሆኖም ይኸው አሽከር ቤቱ ሲገባ በሚስቱና በልጆቹ ፊት ሸማውን መልሶ ያጣፋል። ሥርዓቱ ሰውን ሁሉ በየተራ ከፍና ዝቅ የሚያደርግ በመሆኑ ለረዥም ዘመን ሳይነቃነቅ የኖረበት አንዱ ምክንያት ይህ ሳይሆን አይቀርም።

ንጉሥ ያለበሰውና ያላለበሰው

ሸማ የሁሉ ነበር ሲባል ግን ሁሉም እኩል ለበሰ ማለት አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ1520 እስከ 1526 በአገሪቱ የቆየው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ድሀው ሕዝብ ቆዳ ይለብስ እንደነበር መስክሯል። የቆዳ ልብስ ከዚያም በኋላ አልጠፋም። ፊደል ለመቁጠርና ቅኔ ለመቀኘት ከደብር ወደ ደብር የሚዞረው የቆሎ ተማሪ የሚታወቀው በአኮፋዳውና በበግ ቆዳው በደበሎው ነበር። የተማሪ የደንብ ልብስ ታሪክ ይጻፍ ቢባል መጀመር ያለበት ከደበሎው ነው።

ድሀው የነበረው ሸማ አብዛኛውን ጊዜ አንድ ብቻ ስለሆነ ቀን ልብሱ፣ ሌሊት መኝታው ነበር። የሚታጠበውም ለበዓል ዋዜማ ወንዝ ተወርዶ በእንዶድ ነው። ፕሮፌሰር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 በዐድዋ እንዶድ የቢልሃርዝያን ተሸካሚ ቀንድ አውጣ እንደሚገድል ያስተዋሉት ሰዎች ልብስ በሚያጥቡበት ወንዝ ዳር መሆኑ፣ የዕለት ተዕለት ሥራ ለሳይንስም መነሻ እንደሚሆን የሚያሳይ ነው።

በሌላው ጫፍ ሐር ነበር። የሐር ቀሚስ፣ ለምድና ካባ ገንዘብ ያለው ሁሉ ከገበያ ገዝቶ የሚያጠልቃቸው አልነበሩም፤ ንጉሡ ወይም የአገሩ ገዥ ለሹመት ወይም ለጀግንነት የሚያለብሳቸው ናቸው። ለነገሥታትም ለጀግኖችም ከአንበሳ ጎፈር የሚሠራው የራስ ጌጥ እንዲሁ። ስለዚህ ልብሱ የለባሹን ሀብት ሳይሆን ከዙፋኑ ጋር ያለውን ቅርበት ይናገር ነበር። «የሰው ወርቅ አያደምቅ» የሚለው ምሳሌያዊ አነጋገር ሙሉ ክብደቱን የሚያገኘው በእንዲህ ያለ ኅብረተሰብ ውስጥ ነው።

በጣና ሐይቅ በደቅ ደሴት የሚገኘው የናርጋ ሥላሴ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል እቴጌ ምንትዋብን ከእመቤታችን እግር ሥር ወድቀው ያሳያል። ሠዓሊው የእቴጌይቱን ትሕትና በአወዳደቃቸው፣ ክብራቸውን ደግሞ በልብሳቸው ነገረን። የቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች ቅዱሳንን የሚያለብሷቸው ብዙ ጊዜ በወግ የተወሰነ ልብስ ስለሆነ የዘመኑን አለባበስ ለማጥናት ከቅዱሳኑ ይልቅ ከግርጌ የሚሣሉት አሠሪዎች ይጠቅማሉ። ከዕቃው ራሱ የተረፈው ግን ጥቂት ነው፤ ከተረፈውም ውስጥ አንዱ ከአገር ውጭ ይገኛል። በሚያዝያ ወር 1860 ዓ.ም. መቅደላ በእንግሊዝ ጦር ሲያዝ ከተወሰደው ንብረት መካከል የዐፄ ቴዎድሮስ ሚስት የእቴጌ ጥሩነሽ በሐር የተጠለፈ የጥጥ ቀሚስ ይገኝበታል። ቀሚሱ ዛሬ በለንደን በቪክቶሪያና አልበርት ቤተ መዘክር ነው። የጥልፍ ታሪክ የሚያጠና ኢትዮጵያዊ ተማሪ ከዋነኞቹ ማስረጃዎች አንዱን ለማየት ባሕር መሻገር ግድ ሆኖበታል።

ስለ ጥልፍና ስለ ጥለት ሲነሣ አንድ ነጥብ መጠቀስ ይኖርበታል። ብዙዎች ጥለት ከጥንት ጀምሮ ከውጭ ምንም ያልነካው የአገር ጥበብ አድርገው ያዩታል። ጥበቡ የአገር መሆኑ አያጠራጥርም፤ ክሩ ግን ብዙ ጊዜ እንግዳ ነበር። ጥጥን በፈካ ቀይና ሰማያዊ ቀለም ማቅለም ስለሚያስቸግር፣ ከህንድ ተነሥቶ በቀይ ባሕር በኩል የሚመጣ ባለ ቀለም ጨርቅ እየተገዛ ይተረተርና ክሩ ለጥለት ይውል ነበር። ሸማኔው የሌላውን ሕዝብ ልብስ አፍርሶ የራሱን ሠራ ማለት ነው። «አገራዊ» እና «መጤ» የሚባለው ልዩነት በተማሪዎች ዘንድ ሲነሣ ይህ ምሳሌ ቢቀርብ ክርክሩን ያጠራዋል።

የእንዝርት ክብርና የመወርወሪያ ውርደት

ጥጡ ተዳምጦ ፍሬው ከወጣ በኋላ በደጋን ይነደፋል፤ ከዚያም በእንዝርት ይፈተላል። መፍተል የሴት ሥራ ነበር፤ ድሀይቱም ወይዘሮይቱም ትፈትላለች፤ በእንዝርትዋ የታወቀች ሴት ትመሰገናለች። ቀጭኑና ጠንካራው ክር ለድር፣ ለስላሳው ለማግ ይለያል። ይህ ክር ወደ ሸማኔው ቤት ሲገባ ግን ነገሩ ይለወጣል። እግሩን ጉድጓድ ውስጥ ከቶ፣ መወርወሪያውን ከእጅ ወደ እጅ እያሳለፈ ያንኑ የተከበረ ክር ሸማ የሚያደርገው ሰው ይናቅ ነበር። አንድ ልብስ በመካከለኛው የአሠራር ደረጃው ላይ ብቻ ውርደት ያለበት፣ በመጀመሪያውና በመጨረሻው ግን ክቡር መሆኑ እጅግ የሚያስገርም ነው።

የዚህ ተቃርኖ ሥር ከመሬት ይዞታ ጋር የተያያዘ መሆኑ ብዙ ያስረዳል። በጎንደርና በአካባቢው ሸማ ሠሪዎቹ በብዛት እስላሞችና ቤተ እስራኤሎች ነበሩ። ርስት የመያዝ መብታቸው የተነፈገ ወይም የጠበበ በመሆኑ እጃቸውን ወደ ሸማ፣ ወደ ብረትና ወደ ንግድ አዞሩ። ርስት ያለው ገበሬ መሬት የሌለውን ይንቃል፤ መሬት የሌለው ደግሞ በእጅ ሥራ ይኖራል፤ ስለዚህ የእጅ ሥራው የተናቀ ሰው ምልክት ሆነ። ንቀቱ ከሥራው ባሕርይ የመነጨ ቢሆን ኖሮ ፈታይዋንም በነካት ነበር።

ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው ምክንያት መስደብን የሚከለክል ዐዋጅ አወጡ። ዐዋጁ ብረት ሠሪው፣ ሸማኔው፣ ጸሐፊው፣ አራሹና ነጋዴው በምን ዐይነት ስድብ እንደሚጠሩ አንድ በአንድ የሚያነሣ በመሆኑ፣ ለታሪክ ተመራማሪ ከትእዛዙ ይልቅ ዝርዝሩ የከበረ ማስረጃ ነው። ስድቡ በዐዋጅ የሚቆም እንዳልነበረ ግን በኋላ የመጣው ትውልድ ያውቃል። «ቁጢት በጣሽ» የሚለው ቃል ከዐዋጁ በኋላ ብዙ ዐሥርት ዓመታት ኖሯል።

አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ከተቆረቆረችና የደቡቡ ክፍል ወደ ማዕከላዊው መንግሥት ከገባ በኋላ የሸማ ሥራ ዋና ባለሙያዎች ከጋሞ ደጋ የመጡት ዶርዜዎች ሆኑ። ከእንጦጦ ግርጌ በሽሮ ሜዳ ሠፍረው የከተማይቱን ሕዝብ አለበሱ። የቤተ መንግሥቱን ሰዎች ኩታ የሠሩት እጆች ለብዙ ጊዜ በዚያው ኩታ ለባሾች ዘንድ የተናቁ ነበሩ። በአንድ በኩል «የሀገር ልብስ» እየተባለ የአንድነት ምልክት የሆነው ጨርቅ በሌላ በኩል የአንድ ሕዝብ መጠሪያና መናቂያ መሆኑ በክፍል ውስጥ በግልጽ ሊነገር የሚገባው ነው። የዶርዜ ልጅ ተማሪ በተቀመጠበት ክፍል ስለ ሸማ ውበት ብቻ ተነግሮ ስለ ሸማኔው ዝም ቢባል፣ ዝምታውን ልጁ ይሰማዋል።

አቡጀዲድና መቀስ

በአሥራ ዘጠነኛው ምእት ዓመት ማብቂያ ከባሕር ማዶ በብዛት ከሚገቡት ዕቃዎች አንዱ ያልነጣ የአሜሪካ የጥጥ ጨርቅ ነበር፤ ሕዝቡ አቡጀዲድ አለው። በ1896 ዓ.ም. ሮበርት ስኪነር የተባለው የአሜሪካ መልእክተኛ ከዐፄ ምኒልክ ጋር የንግድ ውል ለመዋዋል አዲስ አበባ ሲመጣ፣ አገሩ ከነበሯት ጥቅሞች ዋነኛው ይኸው ጨርቅ ነበር። ከጥቂት ዐሥርት ዓመታት በኋላ ደግሞ ርካሹ የጃፓን ጨርቅ የአሜሪካውን ከገበያ አስወጣው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1924 ዓ.ም. ወደ ጃፓን በመልእክት በተጓዙበት ጊዜ በሁለቱ አገሮች መካከል ከነበረው ነገር ሁሉ ሰፊው ሕዝብ በእጁ የሚያውቀው ጨርቁን ነው።

አቡጀዲድ ያመጣው ለውጥ የዋጋ ብቻ አልነበረም። እጀ ጠባብና ሱሪ ተቆርጦ የሚሰፋ በመሆኑ መቀስና የስፌት መኪና ተከተሉ፤ በየገበያው ዳር ልብስ ሰፊ ተቀመጠ። ተፈሪ ሱሪ የሚባለው ከላይ ሰፍቶ ከጉልበት በታች የሚጠብቀው ሱሪ ዘመኑን በስሙ ይዞ ቀርቷል። ሰው ግን አሮጌውን ጥሎ አዲሱን አላነሣም፤ ደረበው። ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው በፎቶግራፎቻቸው ላይ የሚታዩት ራሳቸውን በነጭ ሻሽ አስረው ከላዩ የአውሮፓ ሰፊ ባርኔጣ ደፍተው ነው። በ1916 ዓ.ም. አልጋ ወራሽ ተፈሪ መኰንን ወደ አውሮፓ ሲጓዙም እርሳቸውና ተከታዮቻቸው በካባ ታይተዋል፤ በባዕድ ከተማ መካከል አገርን የሚወክል ልብስ መምረጥ ራሱ የፖለቲካ ሥራ ነበር። በ1917 ዓ.ም. የተከፈተውን የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤትና እርሱን የመሰሉትን ተከትሎ የመጣው የተማረ ትውልድ ኮትና ሱሪን የዕለት ልብሱ አደረገ። ሸማ ከቢሮ ወጥቶ ወደ በዓል፣ ወደ ለቅሶና ወደ ቤተ ክርስቲያን ተወሰነ።

በሴቶች ዘንድ ለውጡ ዘግይቶ ከመምጣቱም በላይ የከረረ ክርክር አስነሣ። በመጋቢት ወር 1960 ዓ.ም. በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የስድስት ኪሎ ግቢ ሴት ተማሪዎች የሚሳተፉበት የልብስ ትርዒት ተዘጋጅቶ ነበር። ብዙ ተማሪዎች ትርዒቱ የምዕራባውያን የባህል ወረራ ነው በማለት ተቃወሙት፤ ተሳታፊዎችና እንግዶች ተሰደቡ፣ ተገፉም፤ ፖሊስ ገባ፣ የተማሪ መሪዎች ታሰሩ፣ ዩኒቨርሲቲውም ለጊዜው ተዘጋ። ክሥተቱ በተማሪዎች ንቅናቄ ታሪክ ውስጥ ብዙ ጊዜ የሚነሣው ከፖሊስ ጋር በተደረገው ግጭት ነው። የልብስ ታሪክ ግን ሌላ ነገር እንድናይ ያስገድዳል። አጭር ቀሚስን የባዕድ ብለው ያወገዙት ወንዶች ለብሰውት የነበረው ኮትና ሱሪም ከዚያው ከአውሮፓ የመጣ ነው፤ ነገር ግን የወንዱ ልብስ ሥልጣኔ፣ የሴቲቱ ልብስ ክህደት ተብሎ ተፈረደ። የአገርን ባህል በገላዋ ተሸክማ የመኖር ግዴታ ለሴቲቱ ብቻ የተሰጠው በማን ውሳኔ እንደሆነ በዚያ ግቢ የጠየቀ ጥቂት ነው።

በዚያው ዘመን የከተማ ወጣት ያሳደገው ጎፈሬም እንዲሁ ሁለት ምንጭ ነበረው። አንዱ የአሜሪካ ጥቁሮች የመብት ትግል ሲሆን፣ ሌላው ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በጫካ የኖሩት አርበኞች ፀጉር ነው። ልጁ አሜሪካን መሰለኝ ሲል አያቱን መስሎ ነበር።

ከ1966 ዓ.ም. አብዮት በኋላ ልብስ ወደ አንድነትና ወደ ቁጥብነት አዘነበለ። በ1967 ዓ.ም. ለዕድገት በኅብረት ዘመቻ ወደ ገጠር የተሠማሩት ተማሪዎችና መምህራን ካኪ ለብሰው ወጡ፤ ካኪ ከዚያ በኋላ የካድሬ መታወቂያ ሆነ። በማደግደግ ይገለጽ የነበረው የጌታና የሎሌ ልዩነት በይፋ ተወገዘ። ይሁን እንጂ ማን ምን ዐይነት የደንብ ልብስ ለበሰ ብሎ የሰውን ቅርበት ለሥልጣን መመዘን በአዲስ ጨርቅ ቀጠለ።

የሀገር ልብስ ዛሬ

ዛሬ የሐበሻ ቀሚስና ኩታ በሠርግና በበዓል ቀን ከመቼውም በበለጠ ይታያሉ፤ ቅርጻቸው ግን በመቀስ የተወሰነ፣ ጥለታቸውም የብዙ ቀለም ሆኗል። በዋሽንግተንና በአካባቢው የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን በበዓል ቀን የሚለብሱት፣ በእስራኤል የሚኖሩት ቤተ እስራኤል ሽማግሌዎችና አሮጊቶችም ነጠላቸውን አጣፍተው የሚታዩት በዚህ መልክ ነው። የእነዚህኞቹ አባቶች ለጎንደሬው ሸማ ይሠሩ ስለነበር በኢየሩሳሌም ጎዳና ላይ የሚታየው ነጠላ ከለባሽነት ያለፈ ታሪክ አለው።

በሌላ በኩል ጥለትን አስመስሎ በማሽን የታተመ ጨርቅ ከውጭ አገር እየገባ ሽሮ ሜዳ ድረስ ይሸጣል። ዋጋው ርካሽ ስለሆነ ገዢውን መውቀስ አይገባም፤ አቡጀዲድ የገዛውን ጭሰኛ የወቀሰ የለምና። የሚጠፋው ነገር ግን ከአቡጀዲድ ዘመን የተለየ ነው። አቡጀዲድ የሸማኔውን ገበያ ወሰደ እንጂ ንድፉን አልነካም፤ የታተመው ጨርቅ የሚወስደው ንድፉን ነው። ንድፉን የፈጠሩት ሰዎች ስም በየትም ባለመጻፉ የእኛ ነው ብሎ ለመከራከር የሚቀርብ ማስረጃ አነስተኛ ነው።

ከሁሉ በፊት የሚደርቀው ግን መፍተል ነው። ከፋብሪካ የሚወጣ ክር ለሸማኔው ስለሚቀርብለት በከተማ እንዝርት የምታሾር ሴት እየቀነሰች ሄዳለች። በ1953 ዓ.ም. ከኢጣሊያ በተገኘ የጦር ካሳ ተሠርቶ ሥራ የጀመረው የባሕር ዳር ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካና መሰሎቹ ክርን ከእጅ ወደ መኪና ካዞሩ ወዲህ ፈትል የእናቶች ትዝታ ወደ መሆን ተቃርቧል። መምህራን ማሠልጠኛ ተቋሞች መዳመጫን፣ ደጋንን፣ እንዝርትንና መወርወሪያን በማስተማሪያ መሣሪያነት መሰብሰብ የሚችሉት አጠቃቀማቸውን የሚያሳዩ ሴቶችና ሸማኔዎች እያሉ ነው። ሥራውም ብዙ ወጪ አይጠይቅም፤ ተማሪዎች ከቤታቸው ካለ አንድ አሮጌ ጋቢ ተነሥተው ማን እንደፈተለው፣ ማን እንደሠራው፣ በስንት እንደተገዛና ለማን ሠርግ ወይም ለማን ተዝካር እንደተለበሰ አያቶቻቸውን ጠይቀው ቢጽፉ፣ በአንድ ክፍል ውስጥ አርባ የታሪክ ሰነድ ይገኛል። ጽሑፉ ሲሰበሰብ የሸማኔው ስም ከለባሹ ስም ጎን እንዲመዘገብ ማሳሰብ የመምህሩ ድርሻ ነው።